በባዶ ቦታ ላይ በንብ ለተባረሩት ክቡር ኃላፊ

ለከተማችን የመሬት ይዞታ ጽሕፈት ቤት ኃላፊ፣
እንዲሁም ለዚሁ ጽሕፈት ቤት የቅሬታ ሰሚ ኮሚቴ ሰብሳቢ፤
(ሁለቱም እርስዎ ስለሆኑ አንድ ወረቀት ይበቃል ብዬ ነው።)

ክቡር ሆይ፣

ከሁሉ አስቀድሜ የከበረ ሰላምታዬን እያቀረብኩ፣ ጤናዎ እንደ ወንበርዎ የጸና፣ እንቅልፍዎም እንደ መዝገብ ቤትዎ የማይታወክ እንዲሆን ከልብ እመኛለሁ። ስለ እኔ ጤና ግን ከእኔ ይልቅ ሌሎች የሚያውቁ ስለሚመስል በዚያ ልጀምር። በቀደም በቀበሌው ስብሰባ ላይ፣ እትዬ ዘውደነሽ አልጋ ላይ ውላለች፣ ይግባኟንም በአውራ ጣቷ ፈርማ ትታለች ተብሎ መነገሩን ሰምቻለሁ። የሰማሁት ከጎረቤቴ ከባለሱቋ ከዘህራ ሲሆን፣ እሷም ብርቱካን በፌስታል ቋጥራ ልትጠይቀኝ ስትመጣ የአጥሬን ካስማ በመዶሻ ስመታ አገኘችኝ። በሩ ላይ እንደቆመች፣ “እትዬ ዘውዴ፣ እኔ እኮ መንገዱን ሙሉ እያለቀስኩ ነው የመጣሁት! እንግዲህ ብርቱካኑን ይዤ ልመለስ?” አለችኝ። ብርቱካኑን ተቀብዬ ወሬውን መልሼላታለሁ።

ስለዚህ እርማቱ የሚከተለው ነው። አልታመምኩም። ይግባኜንም አልተውኩም። በአውራ ጣቴ የፈረምኩት ወረቀት በዚህች ምድር ላይ የለም፤ ጎሬ ከተማ ስማር ፊርማችን ከመስመሩ በታች ሲወርድ መምህራችን ጣታችንን በማስመሪያ ይመቱን ስለነበር፣ እኔ እስከ ዛሬ የምፈርመው በብዕርና በመስመሩ ላይ ነው። ስለ ጤናዬ በስብሰባ ደረጃ ለተጨነቃችሁልኝ ሁሉ ምስጋናዬ ይድረሳችሁ።

ማመልከቻዎቼን በሙሉ እንደ ደንቡ በጽሕፈት ቤቱ ቋንቋ በአፋን ኦሮሞ አስገብቻለሁ። ይህን ደብዳቤ በአማርኛ የጻፍኩት፣ ስቆጣ ቃል የምመርጠው በተማርኩበት ቋንቋ ስለሆነ ነው። ግልጽ ያደረግኩት ደግሞ የታሸገውን መዝገብ ቤትዎ አልቀበልም ስላለኝ ነው፤ ዝርዝሩን ወደ መጨረሻው እደርስበታለሁ።

ጉዳዩን ለማያውቀው አንባቢ ባጭሩ ላስረዳ። ነፍሳቸውን ይማረውና ባለቤቴ አቶ ደቅሲሳ ወደ ሶር ፏፏቴ በሚወስደው መንገድ ዳር በአንድ ትልቅ ዋንዛ ላይ ቀፎዎች ሰቅለው ነበር። በእኛ አገር ዛፍ ላይ ቀፎ የሰቀለ ሰው ዛፉም ከዛፉ ሥር ያለው መሬትም የእሱ መሆኑን ለማንም ማስረዳት አያስፈልገውም ነበር፤ ቀፎው አጥርም ነው፣ ምልክትም ነው። ከሥሩ ቤት አይሠራም፣ ከብት አይታሰርም፣ እሳት አይነድም። ንብ ሁከት ስለማትወድ መሬቱ ሆን ተብሎ ክፍት ይተዋል። ባለቤቴ ሲያርፉ ቀፎዎቹ ለእኔ ቀሩ፤ ጉርሙ የሚባል የዳሪሙ ወረዳ ሰው በየወቅቱ ዛፉ ላይ እየወጣ ማሩን ይቆርጥልኛል። ጡረታ የለኝም፣ የሚጦረኝ ልጅም የለኝም። ዓመቱን የሚያከርመኝ ያ ማር ነው።

ከዚያ ከተማው አደገ። እኔ ወደ ከተማ አልገባሁም፤ ከተማው ነው ወደ እኔ የገባው። ጽሕፈት ቤትዎም ቦታውን “ባዶ መሬት” ብሎ መዘገበና ዋንዛው ተቆርጦ አዲስ አዳራሽ እንዲሠራበት ወሰነ። የምን አዳራሽ እንደሆነ ስጠይቅ፣ የቅሬታ መስሚያ አዳራሽ ነው ተባልኩ። የሕዝቡ ቅሬታ በመብዛቱ አሁን ያለው ክፍል መጥበቡ ተገልጾልኛል። ቅሬታውን የሚያበዛው ማን እንደሆነ ግን አልተገለጸልኝም።

ከዚህ ቀጥሎ በትሕትና የማቀርባቸው ቅሬታዎች፣ ወይም እርስዎ እንደሚሏቸው “አስተያየቶች”፣ እነሆ።

አንደኛ። ባለሙያዎችዎ ቦታውን ሊለኩ በመጡ ጊዜ ሜትሩን ከዚህ እስከዚያ ዘርግተው፣ ድንጋይ ቀብረው፣ ሣሩን ረግጠው ሄዱ። አንዳቸውም ቀና አላሉም። ንቦቹ ከራሳቸው በላይ ሲሠሩ ውለዋል። በዚህ ግን አልወቅሳቸውም፤ የመሬት ጽሕፈት ቤት ሠራተኛ መሬት መሬት ማየቱ የሥራ ጠባዩ ነው።

ሁለተኛ። በውሳኔው ቅር የተሰኘ ሰው አስቀድሞ ለቅሬታ ሰሚ ኮሚቴ ማመልከት፣ ከዚያ በኋላ ፍርድ ቤት መሄድ እንዳለበት ተነግሮኝ አመለከትኩ። በቀጠሮዬ ቀን ስገባ በሰብሳቢው ወንበር ላይ ያገኘሁት እርስዎን ነው። የተሳሳተ ክፍል የገባሁ መስሎኝ ይቅርታ ጠይቄ ወጣሁ፤ የበሩን ጽሑፍ አንብቤ ተመለስኩ። ክፍሉ ትክክል ነበር። በኃላፊነት ሲወስኑብኝ በሸሚዝ እንደነበሩ፣ በሰብሳቢነት ሲሰሙኝ ግን ኮት እንደደረቡ ለታሪክ ይመዝገብልኝ። እኔም በእርስዎ ላይ ያለኝን አቤቱታ ለእርስዎ በዝርዝር አስረዳሁ፤ እርስዎም በጥሞና አዳመጡ፤ ከዚያ ኃላፊው የወሰነው አግባብ መሆኑን ሰብሳቢው አምኖበታል ብለው ነገሩኝ። በዕድሜዬ ብዙ ባልና ሚስት አይቻለሁ፤ እንደ እርስዎና እንደ እርስዎ የተስማማ ጥንድ ግን አላየሁም።

ሦስተኛ። ይህን ያህል ስለጮህኩ ኮሚቴው ቦታውን ዳግም በአካል ያያል ተባለ። ለዚህም አመስግኛለሁ። በዕለቱ ጉርሙ መንገድ ላይ ቆሞ፣ “ጋሼ፣ ሽቶውን ታጠቡና ቅረቡ፤ ንብ ሽቶ አትወድም” ብሎ ለምኗችኋል። ከአባላቱ አንዱ፣ “እኛ ማር ልንቆርጥ አይደለም የመጣነው፣ ዞር በል!” አሉት። ዞር አለ። ከዚያ በኋላ የሆነውን ከዘህራ ሱቅ በረንዳ የነበረ ሁሉ ስላየው እኔ ባልናገር ይሻላል፤ ክቡርነትዎ በዚያ ዕድሜና በዚያ ውፍረት ቦዩን እንደ ዋሊያ በመዝለልዎ ግን ከተማው እስከ ዛሬ በአድናቆት ያወራል። መኪናው ውስጥ ገብታችሁ መስኮቱን ስትዘጉ፣ ከንቦቹ ጥቂቶቹ አብረዋችሁ እንደተሳፈሩ ሰምቼ ከልብ አዝኛለሁ። ለጠፉብኝ ንቦች ማለቴ ነው።

እዚህ ላይ ቢያልቅ ኖሮ ጉዳዩ የሣቅ ነበር። ሆኖም ኮሚቴው በማግስቱ ተሰብስቦ የሚከተለውን በቃለ ጉባኤው አሰፈረ፦ “ኮሚቴው ቦታው ላይ ደርሶ በንብ መንጋ ምክንያት ቀርቦ ማየት አልቻለም። ቦታው ባዶ ስለመሆኑ ግን ልዩነት የለም።” ይህን ዓረፍተ ነገር በጽሕፈት ቤትዎ ከመዝገቡ ላይ ሳነብ ተቀምጬ ነበር፤ ተነሥቼ ደግሜ አነበብኩት። በትምህርት ዘመኔ እንዲህ ያለ ነገር ጽፌ ቢሆን ኖሮ መምህራችን ማስመሪያውን ትተው ወላጅ ያስጠሩ ነበር። የእርስዎ ኮሚቴ ግን በሙሉ ድምፅ አጽድቆታል።

አራተኛ። ይህንን ውሳኔ ተቃውሜ መቱ ከተማ ፍርድ ቤት ይግባኝ ልጠይቅ ብሄድ፣ የፍርድ ቤቱ ጸሐፊ በጣም በጨዋነት፣ “እማማ፣ ይግባኝ የሚባለው ተጽፎ በተሰጠ ውሳኔ ላይ ነው፤ ማኅተም ያለበትን ግልባጭ ያምጡ” አለኝ። ሕጉ ነውና ተቀበልኩ፤ በሚኒባስ ተሳፍሬ ተመለስኩ። በጽሕፈት ቤትዎ ዬሮሳን የምትባለው የኮሚቴው ጸሐፊ፣ ልጅቷ ታዛዥ ናትና ወቀሳ የለኝም፣ አንገቷን ደፍታ፣ “እትዬ፣ ለይግባኝ ከሆነ እንዳልሰጥ ታዝዣለሁ። ለሌላ ጉዳይ ከሆነ ግን ይቻላል” አለችኝ። ለሌላ ጉዳይ ሲባል ለምን ለምን እንደሆነ ብጠይቃት እሷም አታውቀውም።

ቤቴ ገብቼ አሰብኩበት። ከዚያም አዲስ ማመልከቻ ጻፍኩ። ክቡርነትዎ የጻፉት ውሳኔ ለትውልድ የሚተርፍ በመሆኑ፣ ከነፊርማውና ከነማኅተሙ በመስታወት አስገብቼ ሳሎኔ ግድግዳ ላይ ልሰቅለው ስለምፈልግ ግልባጩ ይሰጠኝ አልኩ። ከዚያ በፊት ያስገባኋቸው ማመልከቻዎች በሙሉ መልስ ሳያገኙ ከርመዋል። ይህኛው ግን በዕለቱ፣ ከምሳ በፊት፣ “በአስቸኳይ ይሰጣቸው” ተብሎ በእጅዎ ተመራ። ማኅተሙም ሁለት ጊዜ ተመታ፤ አንደኛው ደብዝዟል ብለው ነው አሉ።

ውሸታም እንዳልባል ቃሌን ጠብቄያለሁ። ውሳኔው በመስታወት ገብቶ ከባለቤቴ ፎቶግራፍ ትይዩ ተሰቅሏል፤ የመጣ እንግዳ ሁሉ ያነበዋል። ፎቶ ኮፒው ግን ግድግዳ ስላልተገኘለት መቱ ሄዷል።

አምስተኛው ቅሬታ ሳይሆን ለአገሬ ሰው የምነግረው ዜና ነው። ፍርድ ቤቱ ይግባኜን ተቀብሎ ጽሕፈት ቤትዎን ጠራ። የእርስዎ ነገረ ፈጅ ክራባት አስረው ቀረቡ፤ ቦታው ባዶ መሆኑን፣ ባለቤት እንደሌለው፣ ምንም ንብረት እንዳልተገኘበት በጥሩ ድምፅ አስረዱ። ዳኛዋ የቃለ ጉባኤውን ኮፒ እያነበቡ ካዳመጧቸው በኋላ አንድ ጥያቄ ብቻ ጠየቁ፤ “ቦታው ባዶ ከሆነ ያባረራችሁ ማን ነው?” አሉ። ነገረ ፈጁ ወረቀታቸውን አገላበጡ፤ ከዚያ፣ “ክብርት ዳኛ፣ በዚህ ነጥብ ላይ ተመካክሬ መልስ እንዳቀርብ ቀጠሮ ይሰጠኝ” አሉ። ከማን ጋር እንደሚመካከሩ አልገባኝም፤ በዕለቱ በቦታው የነበሩት በሙሉ ሮጠዋል።

ፍርድ ቤቱ ቀጠሮውን ሰጠ፤ ቦታውንም ራሱ በአካል እንደሚያይ ገለጸ። እስከዚያው የሚከተለውን አዘዘ፤ ይህ ደብዳቤ የተጻፈበት ዋና ምክንያት እሱ ነውና ቃል በቃል እገለብጠዋለሁ፦

“ፍርድ ቤቱ ቦታውን በአካል አይቶ ሌላ ትእዛዝ እስኪሰጥ ድረስ ዛፉ እንዳይቆረጥ፣ ቀፎዎቹም በማንኛውም ወገን እንዳይነኩ፣ ቦታው አሁን ባለበት ሁኔታ ጸንቶ እንዲቆይ ታዟል።”

“በማንኛውም ወገን” የሚለው እኔንም ይጨምራል። ማሩ ደርሷል፤ ከሥሩ ስታልፉ ይሸታል። ጉርሙ ገመዱን ትከሻው ላይ እንደጠመጠመ መጥቶ፣ “አዴ ዘውዴ፣ እና ዘንድሮስ ማሩን ንቦቹ ራሳቸው ይብሉት?” ብሎ ቢጠይቀኝ፣ ፍርድ ቤት ካዘዘ ይብሉት ብዬ መለስኩት። “እነሱ እንደሆን አይታዘዙ፤ እርስዎ ብቻ ምን አስጨነቀዎት?” አለኝ። ለጉርሙ የሰጠሁትን መልስ ለእርስዎም ልድገመው። ትእዛዝን የሚያከብረው የተጠቀመበት ብቻ ከሆነ፣ እኔም ነገ ስረታ አላከብረውም ማለት ነው። እንዲህ ያለ ሰው ሆኜ መሞት አልፈልግም። ስለዚህ ዘንድሮ ያለ ማር እከርማለሁ፤ ጎመኔን እበላለሁ፤ ጨውና ሳሙና በዱቤ ላኪልኝ ብያት ዘህራ እሺ ብላለች።

ስድስተኛና የመጨረሻው። ይህንን የእግድ ትእዛዝ በእጄ ይዤ ወደ ጽሕፈት ቤትዎ መጣሁ። መዝገብ ቤቱ፣ “ኃላፊው ሳይመሩበት አንቀበልም” አለኝ። ወደ እርስዎ ስገባ፣ “በመዝገብ ቤት በኩል ያልመጣ ወረቀት አላይም” አሉኝ። ወደ መዝገብ ቤት ተመለስኩ፤ ወደ እርስዎ ተመለስኩ፤ በመካከል ያለው ኮሪደር ላይ ያለችው የጽዳት ሠራተኛ በመጨረሻ አዝና ወንበር ሰጠችኝ። በመንግሥት ቤት ውስጥ በዚያ ቀን አቤቱታዬን የሰማችኝ እሷ ብቻ ናት፤ እድገት ብትሰጧት እላለሁ። በማግስቱ አሽጌ በፖስታ ብልከው፣ የታሸገ ደብዳቤ ምን እንደያዘ ስለማይታወቅ አንረከብም ተብሎ ተመለሰልኝ።

ይህ ሁሉ ሲሆን የዋንዛው ግንድ ላይ በቀይ ቀለም የመቆረጫ ምልክት ተደርጓል። የሞተር መጋዝ ያለው ሰውዬም ከሁሩሙ ከተማ መጥቶ፣ ለቤንዚን የሚሆን ጀሪካን ሊገዛ ዘህራ ሱቅ ሲገባ፣ ነገ ጠዋት እንዲቆርጥ መታዘዙን ነግሯታል። እንግዲህ ነገሩ ገባኝ። ትእዛዙ “አልደረሰንም” እየተባለ ዛፉ ይወድቃል፤ ዛፉ ከወደቀ በኋላ ወረቀቱ በክብር ይመዘገባል፤ ፍርድ ቤቱ ቦታውን ሊያይ ሲመጣ እውነትም ባዶ ሆኖ ያገኘዋል። ክቡርነትዎ ውሳኔዎን ከእውነቱ ጋር ማስማማት ስላልቻሉ እውነቱን ከውሳኔዎ ጋር ሊያስማሙ መነሣትዎን፣ በሥራ ትጋት ደረጃ፣ ሳላደንቅ አላልፍም።

በዚህ ምክንያት ነው የዛሬው ደብዳቤዬ ግልጽ የሆነው። ከላይ በጥቅስ የገለበጥኩት ትእዛዝ በጽሕፈት ቤትዎ በር ላይ፣ በመናኸሪያው፣ በዘህራ ሱቅ መስኮትና ማኅተም ሊያስመታ የሚመጣ ሁሉ በሚሰለፍበት ግድግዳ ላይ ዛሬ ከቀትር በፊት ተለጥፏል፤ ይህ ደብዳቤም ከሥሩ ይለጠፋል። ጸሐፊዋ ዬሮሳንም ትእዛዙን ከነሙሉ ሐሳቡ ጮክ ብላ አንብባልኛለች፤ የበሩ ዘበኛ ሰምቷል፤ ተሰልፈው የነበሩት ባለጉዳዮችም ሰምተው፣ “ይድገሙት፣ ከኋላ አልተሰማም!” ስላሉ ተደግሞ ተነብቧል። መስኮትዎ ክፍት ስለነበር እርስዎም እንደሰሙ አምናለሁ፤ ሁለተኛው ንባብ ላይ መስኮቱ ተዘግቷልና። ከእንግዲህ ትእዛዙ አልደረሰኝም ማለት የሚችል ሰው በዚህ ከተማ ውስጥ አንድም የለም። ይህን ያህል ምስክር ስላበዙልኝ፣ መዝገብ ቤትዎን ጨምሮ፣ ባለ ዕዳዎ ነኝ።

ካሳ እንዲሰጠኝ አልጠየቅኩም፤ ምትክ ቦታም አልፈልግም። ንብ ምትክ ቦታ ሲሰጣት ተፈራርማ አትዛወርም። የጠየቅኩት አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ፍርድ ቤቱ የሚያየውን ነገር ፍርድ ቤቱ እስኪያየው ድረስ ተዉለት። ከዚያ በኋላ ዳኛዋ ይወስኑ። ቢፈርዱብኝ ቀፎዎቼን አውርጄ፣ ባለቤቴን በልቤ ይቅርታ ጠይቄ፣ ለአዳራሹ የመሠረት ድንጋይ ስታስቀምጡ ከፊት ወንበር ተቀምጬ አጨበጭባለሁ። ቢፈርዱልኝ ደግሞ ከመጀመሪያው የማር ቆረጣ አንድ ጠርሙስ ለእርስዎ፣ ሌላውንም ለሰብሳቢው ለመላክ ቃል እገባለሁ።

ሥራ የሚበዛበትን ጊዜዎን በዚህ ሁሉ ጽሑፍ ስለተሻማሁ፣ በየደረጃው ስላስተማሩኝ፣ በዚህ ዕድሜዬ የይግባኝን ሥርዓት ከሀ እስከ ፐ ስላስቆጠሩኝ፣ በተለይም በፈጣን ውሳኔዎ ሁለት ጊዜ ማኅተም ስለመቱልኝ፣ ምስጋናዬ ከልብ የመነጨ መሆኑን በመግለጽ፣ ውሳኔዎን በየዕለቱ በግድግዳዬ ላይ እያየሁ የምኖር፣

ታዛዥ ባለጉዳይዎ፣
ዘውደነሽ ጅራታ
(በብዕር የተፈረመ)

ግልባጭ፦
ለፍርድ ቤቱ መዝገብ ቤት፣ መቱ፤
ለባለ መጋዙ፣ በዘህራ ሱቅ በኩል፤
ለማንበብ ጊዜ ላለው ሁሉ።

ተጨማሪ ማሳሰቢያ። ነገ ጠዋት ከጸሎቴ ቀጥሎ በመጀመሪያ የማደርገው ይህ ነው። የዝናብ ልብሴን ለብሼ፣ የእግዱን ትእዛዝ በላስቲክ ጠቅልዬ፣ በርጩማዬን ይዤ ከዋንዛው ሥር እቀመጣለሁ። ባለ መጋዙ ሲመጣ ትእዛዙን አነብለታለሁ፤ ደኻ ሠራተኛ ነውና ወደ ቤቱ በሰላም እንዲመለስ እመክረዋለሁ፤ የትራንስፖርቱን ከማን እንደሚቀበልም አመላክተዋለሁ። ከዚያ በመጀመሪያው ሚኒባስ መቱ እሄዳለሁ። የፍርድ ቤትን ትእዛዝ እያወቀ የጣሰ ሰው የሚጠየቀው በጽሕፈት ቤቱ ስም ሳይሆን በገዛ ራሱ ስም መሆኑን የፍርድ ቤቱ ጸሐፊ ነግሮኛል፤ ስለዚህ የእርስዎን ስም ከነአባትዎና ከነአያትዎ በንጹሕ ወረቀት ላይ ጽፌ አዘጋጅቻለሁ። ወረቀቱን ለጸሐፊው የማስረክበው ወይም ሳላስረክበው ይዤው የምመለሰው፣ ነገ ጠዋት ባለ መጋዙ መምጣት አለመምጣቱን አይቼ፣ ከመጣም ማን እንደላከው ከራሱ ሰምቼ ነው።